የተዋስናቸው ወንበሮች

ጁላይ 11
ዝናብ። ጣሪያው አሁንም ያፈሳል፤ ድስት ደቅኜበታለሁ። ከዩኒቨርሲቲው ዛሬም ወሬ የለም። አባዬ በኬሚስትሪ ላቦራቶሪ ብልቃጥ ሲያጥብ ኖሮ እዚያው ወድቆ ቀረ። ሠራተኛ ሲሞት ከቤተሰቡ አንድ ሰው በእግሩ ይተካል፤ ደንቡ ነው። ያለሁት ልጅ እኔ ብቻ ነኝ። ግን ያገባች ሴት ልጅ አትቀጠርም አሉ። እጮኛዬን ዲባኮርን «ትንሽ ታገሠኝ» ካልኩት ሁለት ዓመት ሊሞላ ነው... ሰው ስንት «ትንሽ» ይታገሣል?

ጁላይ 24
ሰኞ አጣሪ ይመጣል! ኑሯችንን አይቶ ለኮሚቴው ሊጽፍ። ይምጣ። ድህነት እንደሆነ ሞልቶናል።

ጁላይ 29
ምን ልበል... ውሃ ቀድቼ ስመለስ ቤቱ የኛ አልመስልሽ አለኝ። እማዬ ከጎረቤታችን ከእትዬ ሚናቲ ሁለት ወንበር፣ ቬንትሌተር፣ ወርቃማ ጠርዝ ያለው ስኒ ተውሳለች። ዝናብ ያበላሸውን ግድግዳ በአዲስ አንሶላ ሸፍናዋለች። ጣፋጩ በዱቤ።
«እማዬ፣ ምን ነካሽ? ሰውየው እኮ ችግራችንን ሊያይ ነው የሚመጣው!»
«የአባትሽ መሥሪያ ቤት ሰው ነው። መሬት ላስቀምጠው? አባትሽን ከሞተ በኋላ ላዋርደው?»
ወንበሩን አንስቼ ልመልስ ስል በሩ ተንኳኳ።
አጣሪው አቶ ሞሐፓትራ ደግ ሰው ናቸው። ጣፋጭ ሁለት ጊዜ አስጨመሩ። «ኑሮ እንዴት ይዞዎታል?» ሲሏት፣ እማዬ የመበለት ልብሷን፣ ነጭ ሳሪዋን አስተካክላ፣ «አምላካችን ጃጋናት ይመስገን፣ ምን ጎድሎብን!»
«ወንበሩ የጎረቤት ነው» አልኩ።
ሳቁ። «ልጅዎ ቀልደኛ ናት።»
እማዬም አብራ ሳቀች!
ማታ የትናንት ሩዝ በውሃ በላን።

ሴፕቴምበር 16
መልስ መጣ። «ቤተሰቡ በተሟላ ኑሮ ላይ ይገኛል። ሟች ካረፉ ወዲህም ራሱን ማስተዳደር ስለቻለ፣ ለቅጥር የሚያበቃ ችግር የለበትም።»
ስላልሞትን ተከለከልን ማለት ነው? ይግባኝ በሉ አሉን። በምን አቅም...
እማዬ ሦስቴ አስነበበችኝ።

ኦክቶበር 2
ዲባኮር ሊያገባ ነው። ሌላ። እናቱ መጥታ እያለቀሰች ነገረችኝ። አልፈረድኩበትም።
ውሸቴን ነው። ፈርጄበታለሁ።

ኖቬምበር 3
ጋሽ ባንሺዳር ሊጠይቁን መጡ። ከአባዬ ጋር ዕድሜ ልካቸውን ብልቃጥ ያጠቡ ሰው። እማዬ መሬት ላይ ተቀምጣ ነበር። አልተነሳችም። እንግዳ ደጃፏን ሲረግጥ ቀድማ የምትነሳዋ እማዬ...
«ወንበር የለንም» አለቻቸው።
«ግድ የለም እህቴ» ብለው ቆመው ቀሩ። አሳዘኑኝ። ብርጭቆ አንስቼ ውሃ ልቀዳላቸው ስል እጄን ጥብቅ አድርጋ ያዘችኝ።
«ተይ» አለችኝ በሹክሹክታ። «ያለን ይመስላቸዋል።»