መ-3 ማለት ምንድን ነው?

ውድ ጋሼ፣

«ውድ» ያልኩህ ደብዳቤ ያለ እሱ ስለማይጀመር ነው። እንደ ልቤ ቢሆንማ ሌላ ብዙ የምልህ ነበረኝ፤ የእናታችን አስተዳደግ ያዘኝ። የሆቴልህ ሾፌር መልእክትህን አድርሶኛል። «መ-3ን በፌስታል ጠቅልለሽ ላኪልኝ፣ ማንም እንዳያይብሽ» ብለሃል። ስለ ሚጣ ግን አንድ ቃል የለበትም። የገዛ ታናሽ እህትህ ናት፤ ምናልባት ረስተሃት ከሆነ ብዬ ነው።

እሺ፣ እልክልሃለሁ። በፊት ግን የሆነውን ከእኔ ትሰማለህ። ስልክ ጆሮዬ ላይ መዝጋት ለምደሃል፤ ደብዳቤ ግን አፉ አይያዝም።

ላውንደሪያችን ውስጥ የነበረህን አመል መቼም አትረሳውም። አዲስ ኬሚካል በገዛህ ቁጥር የፕላስቲክ ጠርሙሱን ሙቅ ውሃ ውስጥ ትነክርና የተለጠፈበትን ወረቀት ትልጠዋለህ። አልለቅ ያለውን በምላጭ ትፍቀዋለህ። ከዚያ ሚጣን ትጠራና «ጻፊ» ትላታለህ፤ መ-1፣ መ-2፣ መ-3። ጽሕፈቷ የታተመ ስለሚመስል ነው። ይህ ሁሉ ጥንቃቄ ከመንገዱ ማዶ ያለው ተፎካካሪህ፣ «ባለ ሱፉ» የምንለው ሰውዬ፣ በምን እንደምንሠራ እንዳያውቅ ነበር። እኔ ስሙን ስጠይቅህ «ያንቺ ሆድ ነገር አይቋጥርም» ትለኛለህ። «ስም ያወቀ በማግስቱ ሱቅ ይከፍታል» ትላለህ። ትልቁ ሆቴል ለልብስ ክፍሉ ኃላፊነት ሲጠራህ ጨርቄን ማቄን ሳትል ሄድክ። ሱቁን ለእኛ ተውክልን፤ ስሞቹን ግን በሆድህ ይዘህ ሄድክ።

ያን ቀን አንድ ደንበኛ ነጭ ኮት ይዞ መጣ። ሽቦ ላይ ሰቅሎት አንገትጌው የዝገት እድፍ ይዟል። ሚጣ መ-3ን አወረደች። ጓንት አድርጋለች፣ ያጎደለችው ነገር የለም፤ ጓንቱ ግን ሁለት ጣቱ ላይ ተሰንጥቆ ኖሯል። እድፉ ለቀቀ፣ ደንበኛውም መርቋት ሄደ። ጣቷ መርጠቡን ስታይ በውሃ ታጠበችው፤ አላመማትም። ምሳ ስንበላ ጣቶቿን ታሻሽ ጀመር። ቆይቶ ጫፋቸው እንደ ሰም ነጣ። ከዚያማ ምን ልበልህ፣ ጩኸቷ መንገዱን ተሻገረ። «ከላይ አይደለም፣ ከውስጥ ነው! አጥንቴን ነው የሚበላኝ!» ትላለች። ሲያዩት ግን ይህ ነው የሚባል ቁስል የለም።

ጠርሙሱን አንጠልጥዬ፣ እሷን ደግፌ ሐኪም ቤት ደረስን።

«ምን ነካት?» አለች ሐኪሟ።

«መ-3።»

«መ-3 ማለት ምንድን ነው?»

«እንጃ።»

ጠርሙሱን ተቀብላኝ አገላብጣ አየችው። የፋቅከውን ቦታ በጥፍሯ ዳሰሰችው። «በየቀኑ የምትሠሩበትን ነገር ስሙን አታውቁትም?» አለችኝ። እንደዚያ ቀን አፍሬ አላውቅም። ኀፍረቱ ያንተ ነበር፤ የተሸከምኩት እኔ ነኝ። ያልደወለችበት ቦታ የለም፤ መ-3 የሚባል ነገር የሚያውቅ ሰው ግን ከየት ይምጣ? «እያጠብናት እንቆያለን፤ ምን እንደሆነ ሳላውቅ ግን መድኃኒት ልሰጣት አልችልም» አለች። ላንተ ደወልኩ።

«አጠገብሽ ማነው?» አልከኝ። መጀመሪያ የጠየቅከኝ እሱን ነው።

«ሐኪሟ ናት። ሚጣ እያለቀሰች ነው። በሞቴ፣ ስሙን ንገረኝ!»

«ሌላ ሰውስ?»

«ኧረ ጋሼ!»

«የሙያ ምስጢር በስልክ አይወራም። ቀላል ነገር ነው፣ ሳሙና ነው በያቸው። አታካብጂ።»

ዘጋህብኝ። መልሼ ብደውል ስልክህ ጠፍቷል። ሳሙና! የእህትህ አጥንት እየተበላ፣ ሳሙና!

ሐኪሟ ትከሻዬን ያዘችኝ። «ስሙ ይቅር» አለችኝ፤ «ሥራውን ንገሪኝ። ለምንድን ነው የምትጠቀሙበት?»

«የዝገት እድፍ እናስለቅቅበታለን።»

«ዕቃ ላይ ሲፈስስ ምን ያደርጋል?»

የባንኮኒያችን መስታወት ትዝ አለኝ። አንድ ቀን መ-3 ፈስሶበት ቦታው ደብዝዞ ቀረ። እኔ እድፍ መስሎኝ ስፈገፍግ ዋልኩ፤ አንተ ስቀህ የሱቁን የመስመር ስልክ አመጣህና እንዳይታይ ላዩ ላይ አስቀመጥክበት። «ብርጭቆ ውስጥ እንዳትገለብጪው» ያልከኝም ያኔ ነው። ታውቅ ነበር ማለት ነው። «መስታወቱን በአሸዋ ያሹት አስመስሎት...» ብዬ ሳልጨርስ ሐኪሟ ተነሥታለች። «ካልሲየም አምጡ! ቶሎ በሉ!» ብላ ጮኸች።

መስታወት የሚበላ አሲድ ነው አለችን በኋላ። ቆዳ አልፎ ይገባል፤ ውሃ ብቻውን አያቆመውም፤ የራሱ መድኃኒት አለው። መድኃኒቱ እዚያው ክፍል፣ ሚጣ ስትጮህ ከነበረችበት አልጋ አጠገብ፣ ቁም ሣጥኑ ውስጥ ነበር። የጎደለው ስም ብቻ ነው። የመሐል ጣቷ ተረፈ። የአመልካች ጣቷ ጫፍ ግን ተቆረጠ። የቀኝ እጇ ነው ጋሼ፣ የምትጽፍበት።

በማግስቱ መልእክት ላክህልኝ። ሞኝ ነኝና ደስ ብሎኝ ከፈትኩት። «ስሙን አወቁት? ሌላ ሰው ሰማ?» ይላል። እሳት ለበስኩ፣ እሳት ጎረስኩ። ያን ጊዜ አጠገቤ ብትሆን ኖሮ ታላቄ መሆንህን እረሳው ነበር።

አዎ፣ ሌላ ሰው ሰማ። ባለ ሱፉ ሊጠይቃት መጣ። አንተ ድርሽ ያላልክበት ክፍል ውስጥ ወንበር ስቦ ተቀመጠ። ሐኪሟ ያወቀችውን ስም ስነግረው አንገቱን ደፋ። «ይሄማ እኛም ጋ አለ» አለ፤ «መደርደሪያው ላይ፣ ከነስሙ። ከወንድማችሁ ጋር የምንገዛው ካንድ ሻጭ ነው። ምነው መንገዱን ተሻግራችሁ ብትጠይቁኝ?» ምን ብዬ ልመልስለት? ወንድማችን ከእርስዎ ሲደብቅ ነው ከእኛ የጠፋው ልበለው? ተሸሽጎ ፀንሶ ሰው ሰብስቦ መውለድ ማለት ይሄ ነው።

ከዚያ ወዲያ ጠርሙሶችህን ሰብስቤ ኬሚካል ሻጩ ዘንድ ወሰድኳቸውና አንድ በአንድ ስማቸውን አስነገርኩ። መ-1 ኮምጣጤ ነው። ኮምጣጤ፣ ጋሼ! ይህን ሁሉ ዓመት በር ዘግተን የጠበቅንልህ ኮምጣጤ ነው። ስቄ ስቄ መጨረሻ ላይ አለቀስኩ፤ ሻጩ ግራ ገብቶት ወንበር ሰጠኝ።

አሁን እዚህ ሱቅ ስም የሌለው ዕቃ አይገባም። አንተም ሚጣ ፊት ቆመህ ይቅርታ ሳትጠይቃት ይህን ደጃፍ እንዳትረግጥ። ይቅር ትልሃለች፤ እሷ እንዳንተ አይደለችም። የእኔን ግን አላውቅም።

መ-3ህን ከሾፌሩ ተቀበል። ባዶ ነው፤ የነበረውን ለሻጩ መልሼለታለሁ። እዚያ ካሉት ሱቆች መግዛት ትችላለህ፤ ስሙን ጮክ ብለህ መናገር ብቻ ነው ያለብህ። ስሙ ከጠፋብህ ጠርሙሱ ላይ ተለጥፎልሃል፦ «ሃይድሮፍሎሪክ አሲድ። አደገኛ ነው። ከነካህ ሐኪም ቤት ሩጥ፤ ስሙን ንገራቸው።» ይህን ወረቀት እንዳትልጠው። ሥርህ የሚሠሩት ሰዎችም እህት ወንድም አላቸው። ፊደሉ ተንጋዶብህ ማንበብ ቢያስቸግርህ አትፍረድ። የጻፈችው ሚጣ ናት፣ በግራ እጇ።

ሆዷ ነገር የማይቋጥረው እህትህ