የአባባ ዘፈን ያንቺ ብቻ አይደለም

ይድረስ ለታላቅ እህቴ ለሠናይት ይልቃል፣ ድሬዳዋ።

እንዴት ከርመሻል? ጉልበትሽስ ተሻለው ወይስ አሁንም ደረጃው ላይ ታቃስቻለሽ? አባባ እንዴት ነው፣ ይበላል? እንቅልፍ ይወስደዋል? ባልሽ ፍሬው፣ ልጅሽ ኤልሻዳይ፣ ጎረቤቱ ሁሉ ደህና ነው? ሙቀቱስ በረድ አለላችሁ? እኔ ጤናዬ ደህና ነው፤ ደህና ያልሆነው ሌላ ነው፣ እነግርሻለሁ። ስልክ ላይ ሁለት ቃል ሳልጨርስ «ሰርክ፣ ደሞ ጀመረሽ» እያልሽ ስለምታቋርጪኝ የሠፈራችን ልጅ ማቲ አገር ሲገባ በእጁ ላክሁልሽ። ወረቀት ማቋረጥ አትችይም።

ያንን ቪዲዮ አይቼዋለሁ። አባባ ወንበሩ ላይ ሆኖ ይዘፍናል፣ አንቺ ትከሻው ላይ ተደግፈሻል፣ ከሥሩ ደሞ «አባቴ እኔ ስወለድ የሠራልኝ ዘፈን» ብለሽ ጽፈሻል። ዘመድ ሁሉ ልብ ሲለጥፍ ዋለ። ለሰማንያ ዓመት ልደቱ አዳራሽ ውስጥ በትልቁ ይታያል ብለሻል አሉ። ኦኬ። እኔም የምለው አለኝ።

ልጆች ሆነን እንግዳ ሲመጣ እንዴት እንደነበር ረስተሽዋል? አባባ ጊታሩን ከግድግዳ ሲያወርድ አንቺ ጭኑ ላይ ነሽ። እኔ እንግዳ አስታጥባለሁ። «መንገዱ እንዳያልቅብን ቀስ ብለን እንሂድ፣ ሠናይት» ሲል አገጭሽ ጣራ ይነካል። እኔ ማስታጠቢያውን ታቅፌ በር ጋ ቆሜ አይሻለሁ። «የኔስ?» ብዬ እማማን ብጠይቃት «ላንቺም ይሠራልሻል» አለችኝ። ይኸው ጸጉሬ ሸበተ፣ እየጠበቅሁ ነው።

ሶ፣ ባለፈው ወር እዚህ ሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ፣ የምሠራበት ሬስቶራንት ኪችን ውስጥ ኤማ ሽንኩርት እየከተፈች ታንጎራጉራለች። ኤማ ሜክሲኳዊት ናት፣ አንድ ሺፍት ነን። ሰሐኑ ከእጄ ሊያመልጠኝ! የአባባ ዜማ ነው፣ እንዳለ። «ማን አስተማረሽ?» አልኳት። «እናቴ» አለች። «ውሸት! ይሄን የሠራው አባቴ ነው፣ ለእህቴ» ስላት በሳቅ ፈረሰች። ክፍሉ የሚባለው ወጥ ሠሪያችን ደሞ «ምነው ሰርክ፣ አባትሽ ሜክሲኮ አደባባይ ነው እንዴ ያደጉት?» ብሎ ቤቱን ሁሉ አሳቀብኝ። እስቲ አስቢው፣ ዘፈኑ ላንቺ ተዘፈነ፣ የተሳቀው በእኔ!

እልህ ያዘኝ። እሁድ ከቤተ ክርስቲያን ስንወጣ ነጠላዬን እንኳ ሳላወልቅ ኤማን ይዤ ፒኮ መንገድ ላይ አጎቷ የሚጫወትበት ቤት ሄድኩ። ሦስት ጊታር የያዙ ሽማግሌዎች ናቸው። አጎቷ ሲያወራ ኤማ ትተረጉምልኛለች። ዘፈኑን አያቱም ይዘፍኑት ነበር። አንዱ ሜክሲኳዊ ነው አሉ የሠራው፣ ከአገሩ ልትሄድ ለተነሳች ሴት። ማን እንደሆነ ግን ሦስት ከተማ «የኛ ልጅ ነው» እያለ እስካሁን ይጣላበታል። ከዚያ ኩባ ተሻገረ፣ እዚያ ዘገም ብሎ የዳንስ ሆነ፣ በሬዲዮ ዓለምን ዞረ። በሠርግም ይዘፈናል፣ በቀብርም። ለምን አልሞተም ብዬ ስጠይቀው፣ «ሰውየው ስም የሚገባበትን ቦታ ክፍት ትቶት ነው የሄደው፤ ያዘዘ ሰው የወደደውን ስም ያስገባበታል» አለኝ። አየሽ? ክፍት ቦታ ነው። አንቺ አርባ ምናምን ዓመት ተቀምጠሽበት ነው እንጂ!

ከዚያ ጊታሩን አቀፈና «ለማን ልዝፈነው? ስም ስጪኝ» አለኝ። «ሠናይት» ብዬው ቁጭ። እዚያ ቦታ ላይ ሌላ ስም ሰምቼ አላውቅማ! ሦስቱም አንገታቸውን ዘንበል አድርገው ያንቺን ስም ጆሮዬ ሥር አዜሙት፣ ቤቱ ሙሉ ሰው የኔ ስም መስሎት አጨበጨበልኝ። እዚህ ድረስ ተከትለሽኝ መጣሽ። ምግቡን ሳልነካ ወጣሁ።

በነጋታው ኤልሻዳይ ላይ ደውዬ አባባን አገናኚኝ አልኳት። ገና ሃሎ ስል «ሠናይት!» አለኝ። «አባባ፣ ሰርክ ነኝ» አልኩት። «የቷ ሰርክ?» አለኝ። ዘፈኑን ስጠይቀው ግን ድምፁ ነቃ አለ። በሶማሊያው ጦርነት ጊዜ የመጣ የኩባ ሐኪም፣ አባባ ይሠራበት የነበረው ባቡር ጣቢያ ማታ ማታ እየመጣ ጊታር ያስያዘው፣ ዜማውን አስተማረው፤ አማርኛውን እሱ ጨመረበት። የሐኪሙን ጫማ ቀለም ሳይቀር ነገረኝ። «እኔ ሠራሁት ያልኩት መቼ ነው?» ብሎም ሳቀ። የሐኪሙን ጫማ ያስታውሳል፣ እኔን የቷ ይለኛል።

መጀመሪያ ሐሳቤ ኤማንና ሽማግሌዎቹን በቪዲዮ ቀርጬ ለዘመድ ሁሉ መልቀቅና አንቺን ማዋረድ ነበር። ትቼዋለሁ። አዝኜልሽ እንዳይመስልሽ፣ ስለምፈልግሽ ነው። አባባ ሌላው ሁሉ እየጠፋበት ነው፣ ዘፈኑ ግን አንድ ቃል አልተነካም። ሶ፣ ከዛሬ ጀምሮ ስታስዘፍኚው የኔን ስም አስገቢበት። ሰርክ ለዜማው ያጥራል እንዳትይኝ፣ ሰርካለም በይው፣ ይሞላል። መጀመሪያ ያንቺ ይመጣበታል፣ ይስታል። ታገሺና ድገሚለት። አንቺ አጠገቡ ነሽ፣ ስምሽ ቢጠፋበት ፊትሽን ያያል፣ እጅሽን ይይዛል። እኔ እሱ ጋ ከስሜ ሌላ ምን አለኝ?

ለልደቱ ቀን ስልኩን አፉ ጋ ያዢልኝ። የስሙ ቦታ ላይ ሲደርስ አንቺ ዝም በይ፣ እንዳትረጂው። ያለውን ይበል፣ እሰማለሁ።

ፍሬውን ሰላም በይልኝ፣ ከደብዳቤው ጋር የላክሁትን ቀሚስ ለኤልሻዳይ ስጪያት፣ ጎረቤታችንን እትዬ ዓይናለምን ሳሚልኝ። አንቺንም ሰላም ብያለሁ፣ ቅናቴ ግን አልበረደም። አባባን ግንባሩን ሳሚውና ማን እንደላከሽ ጮክ ብለሽ ንገሪው።

እህትሽ ሰርካለም ይልቃል
ሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ
ኅዳር 4 ቀን 2018 ዓ.ም.