ሻድሊያ የሰቀለችው አይወርድም

ሰኞ፣ የካቲት 4

ለመላው የቱኒስ ሕዝብ ይታወቅ ዘንድ፦ የመጨረሻው የፊት ጥርሴ ዛሬ ጠዋት በተምር ፍሬ ተመትቶ በክብር አረፈ። ሐዘንተኛ የለም። የልጅ ልጄ ሻድሊያ እንዲያውም ሳቀች።

"አባባ፣ በጥርስህ ሳለህ እንኳን ሣልኩህ!"

ረቡዕ፣ የካቲት 6

ገዢዎቻችን ፈረንሳዮች በየዓመቱ የሥዕል ትርዒት አላቸው። የኮሚቴው ሹም ሙሴ ላፎርግ ሻድሊያን ጠርቶ፣ ሥዕሎችሽ ትልቁ አዳራሽ አይገቡም፣ ከምንጣፍና ከሸክላው ጋር፣ የአገሬው የእጅ ሥራ ክፍል ነው ቦታቸው አላት።

"ምንጣፍ ነው የሣልኩት?"

"ካስቸገርሽ በትምህርት ቤቱ ሥዕል ማስተማሩም ይቀርብሻል።"

ሥዕሎቿን ታቅፋ መጣች። እራት አልበላችም... ሾርባዋን ጠጣሁላት። ሾርባ ምን ጥርስ ይፈልጋል?

ዓርብ፣ የካቲት 8

ሥዕሎቹን የት ብትሰቅል ጥሩ ነው? የሲ ታሃር ሐማም፣ የሰፈራችን መታጠቢያ ቤት! እንፋሎት የማይደርስበት፣ ልብስ የምናወልቅበት አዳራሽ። ጠዋት ወንዱ፣ ከሰዓት ሴቱ ይታጠባል። ከተማው በሙሉ ያያቸዋል ማለት ነው።

የኔም ምስል ተሰቅሏል፣ ከነቀይ ቆቤ። ሲ ታሃር ሥዕሉን አየ፣ እኔን አየ። "ጥርሱን ከማን ተበደርክ?"

ማክሰኞ፣ የካቲት 12

የትምህርት ቤቷ ዳይሬክተር "ሥዕሎቹን አውርጂና ወደ ክፍልሽ ተመለሺ" አለቻት።

"አላወርድም።"

ከሥራ አስወጧት። ፈራሁ እንዴ? ትንሽ... ለሷ አልነገርኳትም።

ሐሙስ፣ የካቲት 14

ሙሴ ላፎርግ ራሱ ሐማም መጣ፣ ከነኮፍያው ሊገባ።

"ለመታጠብ ያልመጣ አይገባም፤ ፎጣ ይኸው" አለው ሲ ታሃር።

"እኔ ሥዕል ለማየት ነው።"

"እየታጠብክ ታያለህ።"

አወለቀ። ፎጣ አገልድሞ ከመካከላችን ቆመ፤ ሹም ይሁን ሸማኔ ማን ይለየዋል? ምስሌን ሲያይ ቆየ... ቆየ። ከዚያ ወደኔ ዞሮ፣ "ሁለቱን ለትልቁ አዳራሽ እንወስዳለን" አለ።

"እሷን ጠይቃት። ከሰዓት ትመጣለች። አንተ ግን ያን ጊዜ አትገባም።"

ይሄኔ ፎጣው ወደቀ። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ።

እሑድ፣ መጋቢት 1

መልሷን በሲ ታሃር በኩል ላከችለት፦ ማየት የፈለገ ፎጣውን ይዞ ይምጣ። ሥራዋን አልመለሱላትም። ተማሪዎቿ ግን ተከትለዋት መጥተው ጠፍጣፋውን ጣራችንን ሞልተውታል፤ ቆቤን የማሰጣበት ቦታ እንኳ አጣሁ። የሚሣለው እኔ ነኝ፣ ያለ ደመወዝ። ዛሬ አንዷ ያለ ጥርስ ሣለችኝ። ሻድሊያ "ጎበዝ!" ትላታለች... በኔ ፊት!

ደግሞ ለራሴ ልናዘዝ፦ የሙሴ ላፎርግ ፎጣ አልወደቀም። በሁለት እጁ ጨምድዶ ይዞት ነበር። ፈጥሬ ነው የጻፍኩት።

አልሰርዘውም።