መቶ ስልሳ አንደኛው ዙር

ውድ ወንድሜ ዶይል፣

ይህን ደብዳቤ ቁጭ ብለህ አንብበው። ቆመህ የሚነበብ አይደለም፤ ዳሌህም አይፈቅድልህም። በስልክ እንዳልነግርህ ጆሮህን ለሞተር ከሰጠኸው ብዙ ዓመት ሆነ፤ ይሄ ደግሞ እኔ እየጮህኩ፣ አንተ «ምን አልሽ?» እያልክ የሚወራ ነገር አይደለም። ኖክስቪል ድረስ ነድቼ ፊት ለፊት እንዳልነግርህ ደግሞ ፈራሁ። ስለዚህ ጻፍኩት። ሦስት ጊዜ ጀምሬ ሦስት ጊዜ ቀድጄዋለሁ።

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ በሎረል ፎርክ የውድድር ሜዳ ሊያከብሩህ እንደተዘጋጁ ታውቃለህ። አዲሱ የሜዳው ባለቤት፣ ያ ጺሙን ያሳደገው ሰውዬ፣ ባለፈው ሳምንት ቤቴ መጥቶ በመግቢያው ግድግዳ ላይ የሚሰቀለውን ጽሑፍ አነበበልኝ። «ዶይል ታከት፤ የስቶክ ካር የመኪና ውድድር ተወዳዳሪ፣ የቁጥር 47 መኪና ነጂና ባለቤት። በሥራ ቀን ወተት አመላለሰ፣ በእረፍት ቀኑ ተወዳደረ። ሁለት መቶ ሠላሳ አንድ ጊዜ ለውድድር ተሰለፈ። አንድም ቀን አላሸነፈም፤ አንድም ቀን ግን ተስፋ አልቆረጠም።» አንብቦ ሲጨርስ ቀና ብሎ፣ «የሚታረም አለ እማማ?» አለኝ። «ቆንጆ ነው» ብዬ ሸኘሁት። እሱ እንደወጣ ወጥ ቤት ገብቼ አለቀስኩ። ጽሑፉ ውሸት ነው ዶይል። ውሸታሟም እኔ ነኝ።

ቆይ፣ እንዳትናደድ። መጀመሪያ ትንሽ ላስታውስህ፤ ምናልባት ስትናደድብኝ ያም ትዝ ይልህ ይሆናል።

አባባ ከላሞቹ በረት ግማሹን ከፍሎ ሰጠህ። አንተም ሞተሩን በሰንሰለት ከአግዳሚው ላይ ሰቀልከው፤ ላሞቹ በሳንቃው ቀዳዳ አንገታቸውን እያስገቡ ሥራህን ያዩ ነበር። ከንጋት እስከ ቀትር የወተት ቦቴውን ትነዳለህ፤ ከቀትር በኋላ ልብስህን እንኳ ሳትቀይር መኪናዋ ሥር ትገባለህ። ሁልጊዜ ወተትና ግራሶ ትሸት ነበር። ሩቢ፣ ነፍሷን ይማርና፣ «ባሌ ይሄ ሽታ ከለቀቀው ሞቷል ማለት ነው» ትል ነበር። መኪናዋን ከቦቴው በተረፈው ነጭና ሰማያዊ ቀለም ቀባናት። ትልልቆቹ ቡድኖች ሃያ ሰው ይዘው ሲመጡ እኛ አምስት ነበርን፦ አንተ፣ አባባ፣ ሩቢ፣ የአጎታችን ልጅ ሌስተርና እኔ። ገና ሜዳ ስትገባ ሰዉ ከመቀመጫው ላይ፣ «ኧረ ንዳው፣ ወተቱ ሊረጋብህ ነው!» ብሎ ይጮኽብሃል። ወደኋላ ስትቀር ደግሞ «አለቀ፣ እርጎ ሆነ!» ይሉሃል። አንተ እጅህን በመስኮት አውጥተህ ለሰዳቢዎችህ ሰላምታ ትሰጣለህ። ያቺን እጅ እወዳት ነበር።

የእኔ ሥራ መቁጠር ነበር። ለልጅ ልጆቼ ስነግራቸው አያምኑኝም። እያንዳንዱ ቡድን የራሱን ቆጣሪ ያመጣል፤ ቆጣሪውም የነጂው ሚስት ወይ እህት ናት። ከሜዳው አጠገብ የእንጨት ሰገነት ላይ በረድፍ እንቀመጣለን፤ ፊት ለፊታችን ትልቅ ሰዓት አለ። የየራሳችን መኪና ባለፈች ቁጥር ሰዓቱን አይተን ካርዳችን ላይ እንጽፋለን። ማጨብጨብ የለም፣ መጮኽ የለም፣ መነሳት የለም። ያልጻፍነው ዙር እንዳልተሮጠ ይቆጠራል። ሩቢ ሞከረችውና አንተ ወደ መታጠፊያው በገባህ ቁጥር ዓይኗን ስለምትጨፍን ከሥራው ተባረረች። እኔ ግን ስድስት ዓመት ሙሉ አንድ ዙር አልሳትኩም። የቆጣሪዎቹ አለቃ ሚስተር ፐርቪስ ለአዳዲሶቹ ሴቶች «ዋኒታን እዩ» ይላቸው ነበር። እኔም ትንሽ ተኩራርቼ ነበር፤ አልዋሽህም።

አሁን ወደዚያ እሑድ ልምጣ። ጥቅምት፣ ሺህ ዘጠኝ መቶ ሰባ ስምንት። ሁለት መቶ ዙር።

በዚያ ጠዋት ለሩቢ ቃል ገባህላት። እኔም እዚያው ነበርኩ፤ የበቆሎ ዳቦውን በፎጣ እየጠቀለልኩ። አፍህ አዳልጦህ «አንድ ጊዜ ልሸነፍልሽ እንጂ...» ብለህ ጀመርክና ሩቢ፣ «መሸነፉንማ ችለህበታል፣ አንድ ጊዜ አሸንፍልኝ!» ብላ ሳቀችብህ። አንተ ግን ሳትስቅ፣ «አንዴ ካሸነፍኩ በዚያው ቀን አቆማለሁ። መኪናዋን በረት ውስጥ እከታትና ዶሮ ታድርባት» አልካት። ሩቢ እጅህን ይዛ አስማለችህ። ፊቷ ላይ የነበረውን ነገር እስከ ዛሬ አልረሳሁትም።

ያን ቀን መኪናዋ ልዩ ነበረች። ከሰማንያኛው ዙር በኋላ የሚደርስብህ ጠፋ። ቅርብህ የነበረው ኮይ ሌድፎርድ ብቻ ነው። ሚስቱ አርቬላ ከጎኔ ተቀምጣ የሱን ትቆጥራለች። በመቶ ስልሳኛው ዙር አለፍክ፤ ጻፍኩ። ከዚያ የቦይድ መኪና ጎማ ፈነዳ።

ቦይድን ያን ጊዜ እንዴት ታየው እንደነበር ታስታውሳለህ። በዚያው ዓመት ጸደይ ገፍቶ ከግድግዳ ጋር ያላተመህ እሱ ነው፤ አባባም ስሙ በማዕዳችን እንዳይነሳ ብሎ ነበር። እናንተ የማታውቁት፣ እኔና ቦይድ አራት ወር ሙሉ ተደብቀን እንገናኝ እንደነበር ነው። ቀይዋ መኪናው ግድግዳውን ስትመታ አየሁ፤ እሳቱንም አየሁ። ተነሳሁ። እርሳሴ ከእጄ ወደቀ። እሱ በመስኮቱ ሾልኮ እስኪወጣ ድረስ ሌላ ምንም አላየሁም፤ አንተንም ጭምር። አንተ ግን በዚያች ደቂቃ እግርህን ከነዳጁ ላይ ሳታነሳ በጭሱ መሃል ሰንጥቀህ አልፈሃል። መቶ ስልሳ አንደኛው ዙር። አልጻፍኩትም።

አደጋ አለ፣ ቀስ በሉ የሚለው ቢጫ ባንዲራ ሲወጣ ግማሹ ጎማ ለመቀየር ገባ፣ ግማሹ ቀጠለ። ማን የት እንዳለ በዓይን መለየት አልተቻለም፤ የሚታመነው የእኛ ካርድ ብቻ ሆነ። ውድድሩ ሲያልቅ አንተም ኮይም «አሸነፍኩ» ብላችሁ ሁለታችሁም ዋንጫው ጋ መጥታችሁ ቆማችሁ። ሚስተር ፐርቪስ ካርዴን ይዞ መጣ።

«ዋኒታ፣ እዚህ ጋ ሃምሳ ሁለት ሰከንድ ይላል። ከፊቱ ያሉት ሁሉ ሃያ ሃያ ናቸው። ምንድን ነው?»

«ግጭቱ ነዋ። ሁሉም ቀስ ብለው ነው ያለፉት።»

«ያመለጠሽ የለም?»

«የለም።»

«እርግጠኛ ነሽ?»

አባባ ከኋላው ቆሟል። አምልጦኛል ብል ቀጥሎ የሚመጣው ጥያቄ «ምን እያየሽ ነበር?» የሚል ነው። «እርግጠኛ ነኝ» አልኩት። በዚያች ቃል ካንተ አንድ ዙር ጎደለና ድሉ ለኮይ ተሰጠ።

ሌስተር ዙሩን በጠመኔ የጻፈበትን ሰሌዳ መሬት ላይ ወርውሮ ጮኸ፦ «ኧረ በሕግ አምላክ! ዙሩን እኔም ስይዝ ነበር እኮ! ቀድመናል!» አንተ ሄልሜትህን አወለቅክ። ፊትህ መነጽሩ ከሸፈነው በስተቀር ጥላሸት ነበር። «ሌስተር፣ ዝም በል» አልከው። «ዋኒታ ከቆጠረች ተቆጠረ። እህቴ አታጎድልም።» ከዚያ ሄደህ የኮይን እጅ ጨበጥክ።

ዶይል፣ ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። ብትጠራጠረኝ እዚያው እናገር ነበር፤ ቢያንስ እስከ ዛሬ ለራሴ የምለው እንዲህ ነው። ነገ እነግረዋለሁ አልኩ። ነገ ሳምንት ሆነ። በሰኔ ቦይድን ሳገባ አባባ ቤተ ክርስቲያን አልሄድም ሲል በወተት ቦቴው ያደረስከኝ አንተ ነህ። «ሰውየውን አልወደውም፤ አንቺን ግን አደርስሻለሁ» አልከኝ። ከዚያ በኋላ በየትኛው አፌ ልንገርህ?

እናም አላቆምክም። «አንድ ጊዜ ብቻ» እያልክ ሌላ አሥራ አንድ ዓመት ነዳህ። ሩቢ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ በየመታጠፊያው ዓይኗን ጨፈነች። በሰማንያ ስድስት ዳሌህ ሲሰበር ሆስፒታል ኮሪደር ላይ አቅፋኝ፣ «ምነው ያኔ አንዷን እንኳ በሰጠው» ብላ እግዜርን ስትወቅስ ሰማኋት። እግዜር ምን አደረገ። ሰጥቶህ ነበር፤ ያጠፋሁት እኔ ነኝ።

ግን አንድ ሌላ ነገርም ልንገርህ፤ ይሄኛው ከውሸቱ ይልቅ ያሳፍረኛል። እነዚያ አሥራ አንድ ዓመታት የሕይወቴ ምርጥ ዓመታት ነበሩ። ዓርብ ከሰዓት ሁላችንም በአንድ ጋቢና ተጠጋግተን፣ መኪናዋን ከኋላ እየጎተትን ወደ ቨርጂኒያ ስንወርድ፣ ሌስተር በተሳሳተ ዜማ ሲዘፍን፣ አባባ «ይሄን ሰውዬ አውርዱልኝ!» ሲል፣ ሩቢ የተጠበሰውን ቦሎኛ ሥጋ በዳቦ እያደረገች በየተራ ስታጎርሰን። ያቺን ዙር ብጽፋት ኖሮ ይሄ ሁሉ በዚያው እሑድ ያልቅ ነበር። ስለዋሸሁህ ይቆጨኛል። ስለነዚያ መንገዶች ግን መቆጨት አቃተኝ። እግዜር ይፍረድብኝ።

ቦይድ ከሞተ ሦስት ዓመቱ ነው፤ እሱም ሳያውቅ ሄደ። የምፈራው ሰው አልቀረም። ማክሰኞ ጠዋት ተነስቼ አርቬላ ጋ ሄድኩ። ሰማንያ ዓመቷ ነው፤ በረንዳዋ ላይ ባቄላ ትፈለፍላለች።

«አርቬላ፣ አንድ ነገር ልነግርሽ ነው የመጣሁት።»

«ስለ መቶ ስልሳ አንድ ከሆነ ወንበር ሳቢ» አለችኝ፣ ቀና ሳትል።

ወንበሩን ሳብኩ። «ታውቂ ነበር?»

«እርሳስሽ የወደቀው እግሬ ሥር ነው። አንስቼ የሰጠሁሽ እኔ ነኝ። አታስታውሺም?»

«ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?»

«ባሌ እያሸነፈ? ጅል ነኝ እንዴ!» ሳቀች፤ ከዚያ ሳቋን ተወት አደረገች። «ለኮይ ወደ ቤት ስንመለስ መንገድ ላይ ነገርኩት። ዋንጫውን ቤት አላስገባም አለ፤ ትራክተሩ ዘንድ አስቀመጠው። ሁለት ጊዜ ሊመልስለት ተነስቶ ነበር። 'ዶይል እንዴት አወቅህ ካለኝ የልጅቷ ስም ይነሳል፤ እህትና ወንድም አላጣላም' ብሎ ተመለሰ። የምጠላው ሰው ቢሆን ይቀለኝ ነበር ይል ነበር።»

ከዚያ ወደ መጋዘኑ ወሰደችኝና ዋንጫውን ከማዳበሪያ ጆንያ ውስጥ አውጥታ ሰጠችኝ። ሁለታችንም አሮጊቶች፣ ቆመን ተላቀስን።

ይህን ስጽፍልህ ዋንጫው ጠረጴዛዬ ላይ ነው። ዝገቱን አጽድቼዋለሁ። ከታች የአሸናፊው ስም የሚቀረጽበት ናስ ባዶ ነው፤ ኮይ ስሙን አስቀርጾበት አያውቅም። እኔም ያንተን አላስቀረጽኩም። ዓርብ ጠዋት ልወስድህ ስመጣ ይዤልህ እመጣለሁ፤ በሩን ከከፈትክልኝ ማለቴ ነው። «ስሜ ይቀረጽ» ካልከኝ ቅዳሜ በሕዝቡ ፊት ሁሉንም እናገራለሁ፣ ዓይኔ የት እንደነበር ጭምር። የግድግዳው ጽሑፍ እንዳለ ይሁን ካልከኝም ቅዳሜ ዝም እላለሁ። ይሄ አገር የሚወደው አሸንፎ የማያውቀውን ዶይልን ነው፤ አንድ ጊዜ ሳልጠይቅህ የወሰድኩብህ ይበቃል።

ለአንዱ ነገር ግን ፈቃድህን አልጠይቅም። ከዛሬ ጀምሮ ገበያም ሆነ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ላይ ሰው «ለመሆኑ ወንድምሽ አሸንፎ ያውቃል?» ካለኝ መልሴ አንድ ነው።

«አዎ፣ አንድ ጊዜ። ቆጣሪዋ እኔ ነበርኩ።»

እህትህ
ዋኒታ