የአሳየች ኮከብ

ጥቅምት 9 ቀን 1999

ጎመኑን አጠጣሁ። ሽሮው ጨው በዛበት... ማንን ልቆጣ? ራሴው ነኝ የሠራሁት።

በዳዳ በአጥሩ በኩል፣ «ለይኩን! ያንተን ኮከብ ሊያዩ ከዩኒቨርሲቲ ይመጣሉ አሉ» ብሎ ሳቀ። ከቤታችን በላይ ባህር ዛፉ ውስጥ ያለውን ክብ ጎድጓዳ ቦታ ማለቱ ነው። ባለቤቴ አሳየች ኮከብ ወድቆበት ነው እንዳለች ሞተች። በሕይወት እያለችም ይስቅባት ነበር። «ኮከብ አገር አጥቶ ነው እንጦጦ የሚወድቀው?» እያለ።

ይሳቅ። እናያለን።

ጥቅምት 14

መጣች። ወንጌል ትባላለች። የድንጋይ አስተማሪ ናት። እኔ ሽማግሌ ነበር የጠበቅኩት...

«አባባ፣ ክብ መሆኑ ብቻ አይበቃም» አለች። እሳተ ገሞራም ክብ ይሠራል፣ ውሃም። የሰማይ ድንጋይ መትቶት ከሆነ ግን ምልክቱ ከድንጋዩ አይጠፋም አለች። እንደ ፈረስ ጭራ የተበተነ ስንጥቅ። ከጎድጓዳው ዳርና ዳር ድንጋይ ለቅሜ እንዳቆይላት ለመነችኝ።

አሳየች ይህን ብትሰማ!

ጥቅምት 17

ለቀምኩ። ጭቃ በጭቃ፣ ሽበት ያበቀለ ድንጋይ ሁሉ። እንዲህ ያለ ነገር ለእንግዳ ይሰጣል? አጠብኩ። ከዚያ መዶሻና መሮዬን አውጥቼ አራት ማዕዘን አድርጌ ጠረብኳቸው። ዕድሜ ልኬን የኖርኩበት ሥራ... እጄ አልረሳም። ለቤተ መንግሥት ይሆናሉ።

ጥቅምት 21

ወንጌል ድንጋዮቹን አንድ በአንድ አገላበጠች። ከዚያ እስክታነባ ሳቀች። «አባባ! እኔ የምፈልገውን እኮ ጠርበው ጣሉት!»

«ያልተጠረበ ድንጋይ ከቤቴ አይወጣም» አልኳት። ተናድጄ ነበር።

አብረን ወጥተን እንደገና ለቀምን። ድንጋዩን እንደ ወረቀት አሳስታ ቆርጣ በማጉያ መነጽር ልታየው ነው። ምቱ ብርቱ ከሆነ በድንጋዩ ቅንጣት ውስጥ እንኳ ጭረት ይቀራል አለች።

ምሳ በላች። ሁለተኛ ሰሃን ፍለጋ ቁም ሳጥን በረበርኩ። አቧራ ለብሶ ነበር።

ኅዳር 3

ማንም አልመጣም።

ኅዳር 18

መጣች። ፊቷን ሳይ ገባኝ።

«ከእሳተ ገሞራ የወጣ ድንጋይ ነው አባባ። የምት ምልክት የለውም። ጎድጓዳውን የሸረሸረው ውሃ ነው።»

«ደግመሽ እዪው።»

«ደጋግሜ አይቼዋለሁ፣ አባባ።»

«አሳየችስ?» አልኳት። አሳየች ማን እንደሆነች አታውቅም... ምን ብዬ ላስረዳት?

ኅዳር 24

ከሌላ ከሚሰማ ብዬ ለበዳዳ ራሴ ነገርኩት። ሊስቅ አፉን ከፈተ። መልሶ ዘጋው። «አሳየችም አባቷ ነግረዋት ነው እኮ» አለ። ቢስቅ ይሻለኝ ነበር።

ታኅሣሥ 2

ታክሲ ውስጥ አንዱ እንጦጦ ኮከብ ወድቋል ብሎ ሲያወራ፣ «የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ነው! ምት የለውም!» ብዬ ጮህኩበት። ተከራከረኝ። ረታሁት።

ከዚያ መቃብሯ ሄድኩ። ሣሩን ነቀልኩ። ፓስተሩ ሙት አይሰማም ይላል። ቢሆንም... አልነገርኳትም።