የእንጦጦ አጥርና የተቆረጠው ዘገባዬ

ይድረስ ለምወድሽ እህቴ ለሙሉነሽ ሂርጳ፣ ጊምቢ

እትዬ ሙሉዬ፣ እንደምን ከርመሻል? ጉልበትሽስ ተሻለሽ? የእማዬ ደም ግፊትስ? ልጆቹ፣ ቤቱ፣ ጎረቤቱ ሁሉ ሰላም ነው ወይ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ጤነኛ ነኝ፤ ንዴቱ ግን እህል አላስበላ ብሎኛል።

ባለፈው በስልክ «ምን አድርገሽ ነው ከቴሌቪዥን የጠፋሽው? ይቅርታ ጠይቀሽ ተመለሽ» ብለሽ ዘጋሽብኝ። እንግዲህ ነገሩን ከሥር ከመሠረቱ ልንገርሽ።

ከእንጦጦ እንጨት ተሸክመው የሚወርዱትን እናቶች ታስታውሻለሽ። ከእነሱ አንዷ ወይዘሮ ለተሥላሴ ይባላሉ፤ ስድሳ ዓመት አልፏቸዋል። ጫካው ዳር አዲስ ሎጅ ተሠራና ባለቤቱ ሴቶቹ ዕድሜ ልካቸውን የወረዱበትን መንገድ በሽቦ አጠረው። አሁን በገደሉ በኩል ይዞራሉ። በነሐሴ ጭቃ የወይዘሮ ለተሥላሴ ጎረቤት ዳርቱ ከነሸክሟ ተንሸራታ ወደቀች፤ ወገቧ ተጎድቶ ይኸው እስከ ዛሬ አልጋ ላይ ናት።

ይህን ለጣቢያችን ልዘግብ ብዬ ከካሜራ ባለሙያው ከኦልያድ ጋር ሦስት ቀን አብረናቸው ወጣን ወረድን። ሸክሙን ልሞክረው ብዬ ሃያ እርምጃ ሳልሄድ ጉልበቴ ከዳኝ። ወይዘሮ ለተሥላሴ ሳቁብኝና «ይኼን ለእኛ ተዪው፤ አንቺ ቃላችንን ብቻ አድርሺልን» አሉኝ።

ዘገባው ሲተላለፍ ዓይኔን ማመን አቃተኝ። አጥሩ የለም። ዳርቱ የለችም። የሴቶቹ ላብ በሙዚቃ ታጅቦ «የእንጦጦ ብርቱ እናቶች» ተብሎ ቀረበ፤ ያውም በእኔ ድምፅ! አለቃዬ በዳዳ ቢሮ ገብቼ ስጮህ፣ ቀና እንኳ ሳይል «ሎጁ ስፖንሰራችን ነው። ደግሞ ድህነትም ሲያምር ነው ሰው የሚያየው» አለኝ። ይህን አፍ ምን ትይዋለሽ?

በማግስቱ ወይዘሮ ለተሥላሴ ደወሉልኝ። አልተቆጡም፤ ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር። «ዳርቱ ስትጠብቅ አመሸች፤ የእሷ መቼ ነው የሚመጣው?» አሉኝ። እትዬ፣ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

በሳምንቱ በጠዋቱ የቀጥታ ስርጭት ስለ እንጦጦ ውበት እንዳወራ ተመደብኩ። ስለ ውበቱ አላወራሁም። አጥሩን፣ ገደሉን፣ የዳርቱን ወገብ፣ ይህ ሁሉ ለምን ከዘገባዬ እንደወጣ ጭምር ተናገርኩ። ማስታወቂያ አስገብተው አቋረጡኝ። ከሰዓት በኋላ የእገዳ ደብዳቤ ሰጡኝ፤ የይቅርታ ወረቀት ከጻፍኩ ይመልሱኛል አሉ።

አጥሩ እስካሁን እንደቆመ ነው። ዳርቱን ሄጄ ጠየቅኋት። እጄን ይዛ «ስሜን ስትጠሪ ሰማሁ» አለችኝ። ይቅርታ የሚገባት እሷ ናት፤ እሷን ጠይቄያለሁ። ለሌላ ሰው የምጽፈው የለኝም፤ አንቺም ሁለተኛ ጻፊ አትበይኝ።

እማዬን ጉልበቷን ሳሚልኝ። ኢታና ትምህርቱን ይበርታ፤ ርሆቦትን ጉንጯን ሳሚልኝ። ለአባባም ሰላምታዬን አድርሺልኝ፤ የቤተ ክርስቲያን ሰዎች «ጊፍቲ ለምን አትታይም?» ሲሏቸው «አሟታል» እንዳይሉ ንገሪያቸው። አላመመኝም። «እውነት ተናግራ አገዷት» ይበሉ፤ ድምፃቸውንም ዝቅ አያድርጉ።

እህትሽ ጊፍቲ ሂርጳ
የካ፣ መሪ
ኅዳር 9 ቀን 2018 ዓ.ም.