ለዶሮ የደፋሁት ቆሎ

ልጄ ምንዋጋው፣ በሄድክበት ሁሉ መድኃኔዓለም ከፊትህ ይቅደምልህ። እኛ ደህና ነን፤ ገብሱም ዘንድሮ ጥሩ ይዟል።

እዚያ ሃንጋሪ ጂፕሲ እየተባሉ ከከተማው ዳር ተገፍተው ስለሚኖሩት ሰዎች የጻፍከውን መሪጌታ ሲያነቡልኝ፣ የቀጥቃጩ ሚስት አገኘሁሽ ትዝ አለችኝ። ከሰቆጣ ስትነሳ ለስንቅህ ቆሎ ቆልታ አምጥታልህ ነበር። እኔ ግን ቡዳ ናት ብዬ፣ ሳልነግርህ ለዶሮ ደፋሁት። ዶሮዎቹ ምንም አልሆኑም። ባገኘችኝ ቁጥር «ቆሎዬን ወደደው ወይ?» ትለኝ ነበር፤ «አዎ» እላት ነበር።

ባለፈው ወር አረፈች። የተሸከሟት ባሏና ልጆቿ ብቻ ናቸው። እኔም ደጄ ላይ ቆሜ አየሁ እንጂ አልሸኘኋትም።

የእመቤቴ ጥላ አይለይህ። አንድ ነገር ልለምንህ፤ እነዚያ ሰዎች ቁራሽ ቢሰጡህ፣ አብረሃቸው ተቀምጠህ ብላላቸው።

እናትህ ወለተ ሰንበት